የወንጀል ዶክመንተሪ ላይ የምናየው የድሮ ቪዲዮ ምን ያህል ይታመናል?

ቡና በጨው
ሰላም ጓዶች። ትናንት ማታ ከእህቴ ጋር ልንጣላ ነበር። «አሜሪካን መርደር»ን እያየን ነው፣ ያ እ.ኤ.አ. በ2018 ኮሎራዶ ውስጥ ነፍሰ ጡር ሚስቱንና ሁለት ሕፃናት ልጆቹን የገደለው ሰውዬ ታሪክ። ተራኪ የለው፣ አዲስ ቃለ መጠይቅ የለው። ፖሊሶቹ ደረታቸው ላይ በሚሰኳት ካሜራ የተቀረፀ፣ ሟቿ ራሷ ፌስቡክ ላይ የለጠፈችው፣ የስልክ መልእክት፣ በቃ ይሄው ነው። እህቴ «እውነት ማለት ይሄ ነው፣ ማንም አልተወነም» ትላለች። እኔ ደግሞ ሴትየዋ ለወዳጆቿ ብላ እየሳቀች የቀረፀችውን ሳይ ሆዴ ተረበሸ። ለመሆኑ ይሄን ሁሉ ከየት ያገኙታል? ትወና ስለሌለበት ብቻስ እውነት ነው ይባላል?

መቀስ
ኤዲተር ነኝ። ወንጀል ሳይሆን ሰርግ ነው የምቆርጠው፣ ግን ሥራው ያው ነው። የሙሽራዋ እናት በምርቃቱ ሰዓት ሲያለቅሱ ካየሽ፣ እንባው ጠዋት ሽንኩርት ሲከትፉ የመጣ ሊሆን ይችላል ሃሃ። ቪዲዮው ውሸት አይደለም፣ ቦታው ነው የተቀየረው።

«ዘ ጂንክስ»ን አስታውሺ፣ በግድያ ይጠረጠር በነበረው ሀብታም በሮበርት ደርስት ላይ ተሠርቶ 2015 የወጣውን ዶክመንተሪ። ደርስት ማይኩ እንደበራ ሽንት ቤት ገብቶ ለብቻው ሲያወራ ይሰማል፣ ፊልሙ የሚያልቀውም «ምን አደረግኩ? ሁሉንም ገደልኳቸው እንጂ» ሲል ነው። ያኔ እኔም ፀጉሬ ቆሞ ነበር። በኋላ በ2019 ንግግሩ እንዳለ በጽሑፍ ሲወጣ ለካ «ገደልኳቸው» ያለው መጀመሪያ ነው፣ ከዚያ ሌላ ሌላ ነገር ሲያጉተመትም ቆይቶ ነው «ምን አደረግኩ» ያለው። ሁለቱን አገላብጠው አጣበቋቸው፣ ጥያቄና መልስ ሆነ። ሰውዬው በ2021 በግድያ ተፈርዶበታል፣ ስለዚህ ንጹሕ ነው እያልኩ አይደለም። ግን ሳትነኪው እንኳ የሚያስደነግጥን ድምፅ ለምን ትነኪዋለሽ? እኔ እስከዛሬ አልገባኝም።

የዴንቨሩ
ከየት ያገኙታል ላልሽው፦ የኮሎራዶው ሰውዬ ጥፋቱን ስላመነ ችሎት ሳይካሄድ ተፈረደበት፣ ከዚያ ዐቃቤ ሕግ የምርመራውን ፋይል ለሕዝብ ለቀቀው። እዚህ አሜሪካ የፖሊስ ቪዲዮ ብዙ ጊዜ የመንግሥት ሰነድ ነው፣ ጠይቆ ማግኘት ይቻላል። የዜና ክሊፕ ከሆነ ደግሞ ለጣቢያው በርዝመቱ ልክ ይከፈላል። ፈቃድ የሚጠየቀው ባለመብቱ ነው፣ በፖሊስና በዜና ቪዲዮ ላይ ደግሞ የሟች እናት ባለመብት አይደለችም። ሕጉ እንዲህ ነው፣ ደስ ይበልሽ አይበልሽ።

ጋሽ ኳስ
ቪዲዮን እንዲህ አታጣጥሉት እንጂ፣ ሰው ያዳነበትም ጊዜ አለ። ሎስ አንጀለስ በ2003 አንድ አባት የ16 ዓመት ልጅ ገድለሃል ተብሎ ታሰረ። «ልጄን ይዤ ዶጀር ስታዲየም ቤዝቦል እያየሁ ነበር» ቢል ማን ሰምቶት። ጠበቃው ሲያጣራ ለካ በዚያው ምሽት የላሪ ዴቪድ የቲቪ ኮሜዲ «ካርብ ዩር ኢንቱዚያዝም» እዚያው ስታዲየም ይቀረፅ ነበር። ሳይጠቀሙበት የጣሉትን ቀረፃ አስከፍቶ ሲያይ ሰውዬው ከነልጁ በመቀመጫዎቹ መሃል ሲያልፍ ተገኘ!

መቀስ
@ጋሽ ኳስ እሱ እኮ የእኔን ነገር ነው የሚያጠናክረው። ያ ቪዲዮ የታመነው ማንም ስላልቆረጠው ነው፣ እያንዳንዱ ፍሬም የተቀረፀበት ሰዓት ከሥሩ ነበረ። እንደዚያም ሆኖ አልበቃም፤ ካሜራው ያየው ከምሽቱ 3 ሰዓት አካባቢ ነው፣ ግድያው 4 ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። ስታዲየሙ አጠገብ ሆኖ በስልኩ ማውራቱ በኔትወርኩ ሲረጋገጥ ነው ዳኛዋ የለቀቁት፣ ከአምስት ወር በላይ ታስሮ።

ዝምተኛው
እኛ ጋ እኮ ተጠርጣሪ ገና ሳይፈረድበት ቲቪ ላይ ሲናዘዝ እናያለን። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ላይ «ጥፋተኛ ነህ እስኪባል እንደ ንጹሕ ይቆጠራል» ይላል። ነገ ቢለቀቅ ያ ቪዲዮ ዩቲዩብ ላይ እንዳለ ነው።

ቡና በጨው
@ዝምተኛው ይሄኛው ራሱን የቻለ ርዕስ ይወጣዋል፣ ክፈተው።

@መቀስ የጻፍከውን ለእህቴ አነበብኩላት። አሁን በየክሊፑ «ሰዓቱ የታለ? ከዚህ በፊት ምን አለ?» እያለች ታስቆመዋለች፣ ከፊልሙ የቀረችን 50 ደቂቃ ሁለት ሰዓት ፈጀችብን። ሽንኩርቷንም ስለነገርኳት የሰርጌን ቪዲዮ ካላየሁ ብላለች።