ኮምቦልቻ፦ የሥራ ማቆም ማስጠንቀቂያ ካስገባን ወዲህ ፖሊስ ከፋብሪካው አልወጣም፤ ምን እናድርግ?

የስፌት መስመር፣ ኮምቦልቻ
ሰላም ለሁላችሁ። አንድ የልብስ ስፌት ፋብሪካ ውስጥ የሠራተኛ ማኅበሩ ጸሐፊ ነኝ። ጥያቄያችን የሌሊት ትርፍ ሰዓት ነው። አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት ለተሠራ ትርፍ ሰዓት ደመወዙ በ1.75 ተባዝቶ ይከፈል ይላል። እኛ የሚታሰብልን በቀኑ በ1.5 ነው። ንግግሩ አልገፋ ሲል ጠቅላላ ጉባኤ ጠርተን ማስጠንቀቂያ አስገባን። በማግስቱ የፖሊስ ፒክአፕ በሩ ላይ ቆመ። አሠሪው ንብረቴን ብሎ ቢሰጋ ይገባኛል፣ ጥበቃ ይጠይቅ። ሐሙስ ግን የሰው ኃይል ኃላፊው አንድ ፖሊስ አስከትሎ መስመራችን ድረስ ገባና «አድማ የምትሉ በዚህ በኩል ቁሙ» አለ። ፖሊሱ ስም ጻፈ። ከጎኔ የምትሰፋው ልጅ ከገጠር ከመጣች ገና ነው፤ ደመወዟ ከቤት ኪራይ አያልፍም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስብሰባ ስንላት አትመጣም። እሷን አልወቅሳትም። ፖሊስ ለአሠሪው ስም መመዝገብ ይችላል? አቤት የምንለውስ ለማን ነው?

ጡረተኛ ከሆጤ
አብሽሪ ልጄ። ዕድሜዬን የጨረስኩት ጨርቃ ጨርቅ ውስጥ ነው። አንድ ጊዜ እኛ ዘንድ ሥራ ሲቆም ጥቂት ወጣቶች በሩን ዘግተው መግባት የፈለገውን በልብሱ ይዘው አስቀሩ። ፖሊስ የገባው ያኔ ነው። ከዚያ በኋላ ስለ ደመወዝ ያወራ ሰው የለም፤ ወሬው ሁሉ ስለ በሩ ሆነ። በሩን ክፍት ተዉት። ቦይለር ካላችሁ የሚጠብቀውን ሰው ከወዲሁ መድቡ፤ የደኅንነት ጥንቃቄ እንዳይጓደል ሕጉም ያዛል።

ጠበቃ፣ ደሴ ፒያሳ
ጋሼ ስለ በሩ ያሉት ልክ ነው። የወንጀል ሕጉ ሰውን አስፈራርቶ አድማ ማስገባትንም ሆነ አስፈራርቶ ማስቀረትን ይከለክላል። ስለዚህ በሩ ላይ የቆመውን ፖሊስ ይነሣልን አትበሉ፤ ንብረትንም፣ መሥራት የሚፈልገውንም መጠበቅ ሥራው ነው። የሐሙሱ ግን ጥበቃ አይደለም፤ ማስፈራራት ነው። ሥራ ማቆም በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 42 የታወቀ መብት ነው፤ የማኅበር አባል መሆንም ከሥራ ለማሰናበት ምክንያት አይሆንም። ኢትዮጵያ የዓለም አቀፉን የሥራ ድርጅት 87ኛና 98ኛ ስምምነቶች ያጸደቀችው በ1955 ዓ.ም. ነው። ድርጅቱ በሥራ ማቆም ጊዜ ፖሊስ መጠራት ያለበት ጸጥታው በእርግጥ አደጋ ላይ ሲወድቅ ብቻ ነው ይላል።

ቃለ ጉባኤያችሁን ግን ዛሬውኑ እዩት። ከማኅበሩ አባላት ቢያንስ 2/3 ተገኝተዋል? አብላጫው ደግፏል? ማስጠንቀቂያው ከ10 ቀን በፊት ለአሠሪውም ለሠራተኛ ጉዳይ ቢሮውም ደርሷል? ጉዳዩ የአሠሪና ሠራተኛ ክርክር በሚዳኘው ቦርድ ፊት ከሆነ ደግሞ 30 ቀን ሳያልፍ ማቆም ክልክል ነው። ከእነዚህ አንዱ ቢጎድል አድማው ሕገወጥ ይባላል፤ ያኔ የሐሙሱን አቤቱታ የሚሰማችሁ አታገኙም።

የቀድሞ ፖሊስ
ከዚያ ወገን የነበርኩ ሰው ስለሆንኩ ልናገር። እዚያ የተላከው ልጅ አዋጁን አያውቅም፤ የተነገረው «ረብሻ ሊነሣ ነው» ተብሎ ነው፣ ነጋሪው ደግሞ ሥራ አስኪያጁ ብቻ ነው። ምሳውንም እዚያው ከበላ ማንን እንደሚሰማ አስቡት። ይህ መቅረት አለበት፤ እኔ አዛዥ ብሆን አልፈቅድም ነበር። አድማው ሳይጀመር ወደ አዛዡ ራሳችሁ ሂዱ። የማስጠንቀቂያውን ግልባጭ ስጡት፣ አስተባባሪዎቻችሁን ከነስልካቸው አስመዝግቡ። ረብሻ ቢፈጠር መጀመሪያ ለእነሱ እንዲደውል ለምኑት።

የስፌት መስመር፣ ኮምቦልቻ
አላህ ይስጥልኝ ሁላችሁንም። ቃለ ጉባኤው ላይ ቁጥሩ ሞልቷል፤ ፊርማውም አለ። ግልባጩን ለሠራተኛ ጉዳይ ማስገባታችንን ግን የሚያሳይ የመዝገብ ቁጥር የለንም። ጠበቃ፣ የሐሙሱን ያዩ ልጆች ስማቸውን መስጠት ፈርተዋል። ያለ ስም አቤቱታ ይቀበሉናል?

ጠበቃ፣ ደሴ ፒያሳ
በማኅበሩ ስምና ማኅተም አስገቡት፤ የምስክር ስም አሁን አያስፈልግም። ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ የመኪናውን ሰሌዳ፣ ኃላፊው ያለውን ቃል በቃል ጻፉ። ለከተማው ፖሊስ አዛዥ ሆኖ ግልባጩ ለሠራተኛ ጉዳይ ቢሮና ለፌዴሬሽናችሁ ይሁን። የሚታሰር ሰው ካለ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት፤ የታሰረበትን ሰዓት መዝግቡ። ለማስጠንቀቂያው ደግሞ ነገ ጠዋት ሂዱና ቁጥር አስወጡ። ያኔ ገና የሚገባ ከሆነ 10 ቀኑ ከዚያ ስለሚቆጠር የአድማውን ቀን መግፋት ሊኖርባችሁ ነው።