«እርምጃ ተወሰደበት» በፊልሙ ውስጥ ምን ማለት ነው?

ጠያቂ (ሳቢያን፣ ድሬዳዋ)፦ ሰላም ለቤቱ። በደርግ ዘመን ስለነበሩ ወጣት አብዮተኞች በተሠራ ፊልም ላይ የቀበሌው ሊቀ መንበር እናትየዋን «ልጅሽ ላይ እርምጃ ተወስዷል» ይላታል። ነጠላዋን ልታዘቀዝቅ እጇን ሰደደችና መልሳ ተወችው። ታናሽ ወንድሜ «ቀጡት ማለት ነው?» አለኝ። «ኅቡዕ ገባ» የሚሉትስ ከ«ተደበቀ» በምን ይለያል?

መልስ (ከዚራ)፦ እህቴ፣ ገደሉት ማለት ነው። «እርምጃ» ከ«ተራመደ» የመጣ ምንም የማያስከፋ ቃል ነበር። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም.፣ በቀይ ሽብር ጊዜ፣ «ነጻ እርምጃ» ሲባል ግን ታጣቂው ፍርድ ቤት ሳይጠይቅ የጠረጠረውን እንዲገድል የተሰጠው ፈቃድ ሆነ። ነጻነቱ የገዳዩ ነው። ሰዋስዉን ደግሞ እዩት፦ «እርምጃ ተወሰደበት» ውስጥ የዓረፍተ ነገሩ ባለቤት «እርምጃ» ነው። ሟቹ «-በት» ላይ ተንጠልጥሎ ቀርቷል፣ ገዳዩ ጭራሽ የለም። ይህ አነጋገር ሁሌም ያመኛል። «ገደልነው» ቢሉ «ማን? በምን ጥፋት?» ተብሎ ይጠየቃል፤ እንዲህ ሲሉ የሚጠየቅ ሰው አይገኝም።

እናትየዋ ነጠላዋን የተወችው ማዘን ስለሚያስጠረጥር ነው። ለብዙ ቤተሰብ ልቅሶ ተከልክሎ ነበር፤ አስከሬን ለመውሰድ የጥይት ዋጋ የተጠየቁም አሉ። ነጠላ ማዘቅዘቅ በአደባባይ «የሞተው የኔ ነው» ማለት ስለሆነ፣ ያቺ የእጅ እንቅስቃሴ ከንግግሩ ሁሉ በላይ ትናገራለች።

መልስ (ሸዋ በር፣ ሐረር)፦ «ኅቡዕ» ከግእዙ «ኀብአ»፣ ደበቀ፣ የወጣ ነው፤ እንደ «ስውር» ያለ ቅርጽ። ግን የሚደበቅ ሰው ከፖሊስም ከአበዳሪም ሊደበቅ ይችላል። ኅቡዕ የገባ በድርጅት ውስጥ ነው፦ የትግል ስም አለው፣ የሚያውቀው በሴሉ፣ ማለትም በትንሿ የድርጅቱ ቡድን፣ ያሉትን ጥቂት ሰዎች ነው፣ ቢያዝም የሚናገረው እንዳይበዛ ተብሎ የተሠራ አኗኗር ነው። ስለዚህ «ተደበቀ» አይተካውም።

የደርግ ተቃዋሚ የነበረው ኢሕአፓ (የኢትዮጵያ ሕዝባዊ አብዮታዊ ፓርቲ) በከተማ ያካሄደውን ግድያ ደርግ «ነጭ ሽብር» ይለው ነበር፣ የራሱን «ቀይ»። የኢሕአፓን አባላት ደግሞ «አናርኪስት» ይላቸው ነበር። በእኛ በምሥራቁ ሌላም ስም ነበር። የሶማሊያ ጦር በ1969 ክረምት እስከ ድሬዳዋ ስለመጣ «ሰርጎ ገብ» የሚለው ቃል በየአፉ ነበር። ፊልሙ ድሬ ላይ ቢሠራ ይህን ቃል መዝለል አይገባውም።

ጠያቂ፦ እግዜር ይስጥልኝ። ታዲያ ዛሬ በዜና «አስተዳደራዊ እርምጃ» ሲባል ያ ትርጉም አለበት?

መልስ (ከዚራ)፦ የለበትም። ቅጽል ሲቀድመው፣ «ሕጋዊ»፣ «አስተዳደራዊ»፣ ቅጣት ወይም ውሳኔ ነው። የዚያን ዘመን ሰው ንግግር የምትጽፉ ከሆነ ግን ብቻውን ተዉት፤ «አብዮታዊ» ወይም «ነጻ» ካልቀደመው በቀር ምንም አትጨምሩበት። ለወንድምሽም «ገደሉት» ብለሽ ንገሪው።