«እንግሊዝኛ አልችልም» ብሎ ከጁሪ መቅረት ልክ ነው ወይ?

ጠያቂው፣ ከሲልቨር ስፕሪንግ

ሰላም ለሁላችሁም። ባለፈው ሳምንት እዚህ አሜሪካ ቤታችን በአንድ ቀን ሁለት የጁሪ ጥሪ ገባ። ጁሪ ማለት ፍርድ ቤት የሚጠራቸው፣ ጉዳዩን ሰምተው የሚፈርዱ ተራ ዜጎች ናቸው። አንዱ ለእኔ፣ አንዱ ለእናቴ። እናቴ 68 ዓመቷ ነው። ዜግነቷን የወሰደችው በአማርኛ ነው። 55 ዓመት የሞላው ሰው በግሪን ካርድ 15 ዓመት ከኖረ የእንግሊዝኛው ፈተና ይቀርለታል፣ ጥያቄዎቹን በአስተርጓሚ ይመልሳል። እሷም እንደዚያ ነው ያለፈችው። አሁን ወረቀቱን ይዛ «ልጄ፣ ምን አጥፍቼ ነው?» እያለች ሁለት ሌሊት እንቅልፍ አጣች። ከፍርድ ቤት የመጣ ደብዳቤ ለእሷ ክስ ነው።

የእሷ ቀላል ነው። ቅጹ እንግሊዝኛ ማንበብ፣ መጻፍና መናገር ትችያለሽ ወይ ብሎ ይጠይቃል። እውነቱን ጽፈን እንመልሳለን። ያጨቃጨቀን የእኔ ጉዳይ ነው። የምሠራው የማታ ሺፍት ነው፣ የሚከፈለኝም በሰዓት ነው። የሥራ ጓደኞቼ አንድ ምክር ሰጡኝ፦ «አንተም እንግሊዝኛ አልችልም በል፣ ማን ያጣራል?» እኔ ደግሞ ኮሌጅ የጨረስኩት እዚሁ ነው። ባለቤቴ ይህን ስትሰማ ተቆጣች። «ለዜግነት ስትፈተን ምን ብለህ ነው ያለፍከው?» አለችኝ። በ2008ቱ ፈተና ከ100ዎቹ ጥያቄዎች አንዱ የዜጎች ብቻ የሆነ አንድ ኃላፊነት ተናገር ይላል። መልሱ በጁሪ ማገልገል ወይም በፌደራል ምርጫ መምረጥ ነው። ሁላችንም ሸምድደነዋል። እናንተ ምን ትላላችሁ?

የኡበር ሹፌር፣ ከአሌክሳንድሪያ

ወንድሜ፣ ጓደኞችህ ልክ ናቸው። ስሜቱን ትተን ሒሳቡን እንሥራ። የፌደራል ፍርድ ቤት ለጁሪ በቀን 50 ዶላር ይከፍላል። የካሊፎርኒያ ፍርድ ቤቶች የመጀመሪያውን ቀን በነፃ ያስቀምጡሃል፣ ከሁለተኛው ቀን ጀምሮ 15 ዶላር ይሰጡሃል። አሥራ አምስት! ፓርኪንግና ምሳ አይሸፍንም። እኔ አለቃ የለኝም፣ የዓመት ፈቃድ የለኝም። ካልነዳሁ ገቢ የለም። የመኪናዬ ወርሃዊ ክፍያ ደግሞ «ጁሪ ላይ ነበርኩ» ብለው አይቆምም። ጉዳዩ ሁለት ሳምንት ቢወስድ ኪራዬን ማን ይከፍላል? ደሞዝተኛው ተቀምጦ ይከፈለዋል፣ እኔ ተቀምጬ እከስራለሁ። ይህ እኩል ግዴታ አይደለም። አንድ ሳጥን ላይ ምልክት ማድረግ ማንን ይጎዳል?

ነርሷ፣ ከሮክቪል

ይጎዳል እንጂ ወንድሜ። መጀመሪያ ራስህን ይጎዳል። ቅጹን ስትፈርም የጻፍኩት እውነት ነው፣ ሐሰት ቢሆን በሕግ እጠየቃለሁ ብለህ ነው። ኮሌጅ ጨርሶ፣ ፈተናውን በእንግሊዝኛ አልፎ ዜጋ የሆነ ሰው እንግሊዝኛ አልችልም ብሎ ሲፈርም ሁለቱ ወረቀቶች ይጋጫሉ። ዝም ብሎ መቅረትም አለ። በፌደራል ሕግ በቂ ምክንያት ሳይኖረው የቀረ ሰው እስከ 1,000 ዶላር ሊቀጣ፣ እስከ 3 ቀንም ሊታሰር ይችላል።

ያንተን ችግር ግን ሕጉ ያውቀዋል። ከባድ ጉዳት የሚደርስበት ሰው ይቅርታ መጠየቅ ይችላል፣ ቀኑም ይተላለፍለታል። ለክለርኩ (የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ) ቢሮ ደውለህ «ገቢዬ የዕለት ነው፣ ረጅም ጉዳይ አልችልም» በል። እውነት ነውና ምንም አያሳፍርም።

ጠያቂው ደግሞ ማታ ነው የምሠራው ብለሃል። እዚህ ሜሪላንድ ብዙ ሰው የማያውቀው ሕግ አለ። ለጁሪ ቀርቦ መንገዱን ጨምሮ 4 ሰዓትና ከዚያ በላይ ያሳለፈ ሰው፣ በዚያው ቀን በፈረንጅ አቆጣጠር ከምሽቱ 5 ሰዓት ጀምሮ ወይም በማግስቱ ከሌሊቱ 3 ሰዓት በፊት የሚጀምር ሺፍት እንዲገባ አሠሪው ሊያስገድደው አይችልም። ፈቃድህን ተጠቀም ሊልህም አይችልም። እኔ ስጠራ የድሮ አለቃዬ «ቀን ተቀምጠሽ ማታ ነይ» ብላኝ ነበር። ቀን ሙሉ ወንበር ላይ ተቀምጬ ማታ ለታካሚ መድኃኒት ልሰጥ! ሕጉን አትሜ ወሰድኩላት። ከዚያ በኋላ አልተናገረችኝም።

ጡረተኛው መምህር፣ ከሲልቨር ስፕሪንግ

ልጆቼ፣ ይህ ነገር ለእኛ እንግዳ አይደለም። ድሮ በሀገራችን ሁለት ሰዎች መንገድ ላይ ሲጣሉ አላፊ አግዳሚውን «በሕግ አምላክ፣ ፍረደን» ብለው ያቆሙት ነበር። የተያዘው ሰው ገበያ እየሄደ ሊሆን ይችላል። ግን ጭነቱን አውርዶ ይሰማቸዋል። በኋላ ዘመናዊ ሕግ ሲመጣ ዳኝነቱ የዳኛ ብቻ ሆነ፣ እንደዚህ ሀገር ያለ ጁሪ አልተተከለም። ሆኖም በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ እንኳ አጥቢያ ዳኛው ስድብንና ትናንሽ ስርቆትን ሲያይ ሁለት ሰዎች አብረውት እንዲቀመጡ ይላል።

እኔ እዚህ አንድ ጊዜ ተቀምጫለሁ። 12 ሰዎች ነበርን። ስገባ ዘዬዬን ይስቁበታል ብዬ ፈርቼ ነበር። ሁለተኛው ቀን ላይ አንዷ «አንተ ዝም ብለሃል፣ ምን ታስባለህ?» አለችኝ። የማስበውን ተናገርኩ። እንደገና ማስረጃውን አየነው። ከባድ ወንጀል ላይ ጁሪዎቹ ሁሉም ካልተስማሙ ጥፋተኛ ማለት አይቻልም። ከ2020 የጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔ ወዲህ ይህ በሁሉም ስቴት ነው። አስቡት፣ የአንድ ስደተኛ ድምፅ ሳይጨመር አይፈረድም። እኔ በሕይወቴ ይህን ያህል ክብር የተሰጠኝ ጊዜ ትንሽ ነው።

አስተርጓሚዋ፣ ከዋሽንግተን ዲሲ

ጋሼ እውነት ብለዋል። እኔ ከሌላው ወገን ያየሁትን ልናገር። ፍርድ ቤት አማርኛ አስተረጉማለሁ። አንድ ቀን ምስክሩ የእኛ ሰው ነው። ጠበቃው ይጠይቀዋል፣ እሱ ትንፋሹን ወደ ውስጥ ሳብ አድርጎ ዝም ይላል። እኛ ይህን አዎ እንለዋለን። ጁሪዎቹ ግን እርስ በርስ ተያዩ። የደነገጠ መሰላቸው። ዳኛው «በቃል ይመልስ» እስኪሉ ድረስ ሦስት ጊዜ እንደዚያ አደረገ። እኔ የተነገረውን ቃል ነው የምተረጉመው፣ ትንፋሹን ላብራራ አልችልም። ከ12ቱ አንድ ሐበሻ ቢኖር በአንድ እይታ ይገባው ነበር።

የእኛ ልጆች ተከሰው ሲቀርቡ ወንበሮቹን ዘወር ብዬ አያለሁ። የሚመስላቸው ሰው የለም። ከዚያ ውጭ ወጥተን «አድልዎ ነው» እንላለን። አንድ ሳጥን ማንን ይጎዳል ላልከው ወንድሜ፣ የሚጎዳው ያ ልጅ ነው።

የኡበር ሹፌር፣ ከአሌክሳንድሪያ

እህቴ፣ ነገርሽ ልቤን ነክቶታል። ግን አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ሐበሻ በተከሰሰበት ጉዳይ ላይ እኔ ብቀርብ «አማርኛ ትችላለህ? በቃ ሂድ» ይሉኝ የለም ወይ? የአጎቴን ልጅ እንደዚያ ብለው መልሰውታል። ቀኑን አቃጥሎ ነው የተመለሰው።

አስተርጓሚዋ፣ ከዋሽንግተን ዲሲ

ይሆናል፣ አልክድም። በ1991 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ከኒውዮርክ በመጣ ጉዳይ ወስኖበታል። ዐቃቤ ሕጉ ስፓኒሽ የሚችሉ ሰዎችን ከጁሪ አስወጣ። ምክንያቱ፣ ምስክሩን በራሳቸው ጆሮ ሰምተው የአስተርጓሚውን ትርጉም አይቀበሉም የሚል ነበር። ፍርድ ቤቱ ይህ የዘር መድልዎ አይደለም አለ። እኔ በሙያዬ ውሳኔው ያመኛል። ቋንቋ ማወቅ ጥፋት መሆን የለበትም።

ግን መውጫ አለው። ጁሪው የሚወስነው በእንግሊዝኛው ትርጉም ብቻ ነው። ሲጠይቁህ «በእንግሊዝኛው ትርጉም እገዛለሁ» ማለት ትችላለህ። አስተርጓሚው ሲሳሳት ብትሰማ ለጎረቤትህ አታንሾካሹክ፣ ለዳኛው በጽሑፍ አሳውቅ። ይህን የሚያውቅ ሰው በቀላሉ አይባረርም። ደግሞስ ሁሉም ጉዳይ የሐበሻ ነው እንዴ? የመኪና ግጭት አለ፣ የሱቅ ስርቆት አለ፣ ሐኪም የተከሰሰበት አለ።

ከኮሎራዶ፣ አውሮራ

ሹፌሩ ወንድሜ ስለ ገንዘቡ የተናገረው ትክክል ነው፣ አታልፉት። ግን መፍትሔው ቅጽ ላይ መዋሸት አይደለም። እዚህ እኛ ጋ ለመጀመሪያዎቹ 3 ቀናት አሠሪው ደሞዝህን በቀን እስከ 50 ዶላር ይከፍላል። ማሳቹሴትስ 3 ቀን ሙሉ አሠሪው ይከፍላል። ቴክሳስ በ2023 የመጀመሪያውን ቀን 20፣ ከዚያ በኋላ በቀን 58 ዶላር አድርጎታል፤ በፊት በጣም ያነሰ ነበር። ማለትም የሚለወጥ ነገር ነው። ሹፌሮቻችን ማኅበር አላቸው፣ ኤርፖርት ላይ ስለ ወረፋ ተከራክረው ያውቃሉ። ስለ ጁሪ ክፍያም ለስቴት ተወካያቸው ይጻፉ።

ታክስ የምትሠራ እህት፣ ከዳላስ

ይቅርታ፣ ከክርክሩ ትንሽ ልውጣ፣ ይህ ግን በጣም አሳሳቢ ነው። የጁሪ ስም ዝርዝር ከመራጮች መዝገብ ብቻ አይወጣም። ከመንጃ ፈቃድም ይወጣል። ስለዚህ ግሪን ካርድ ላላቸውም ጥሪ ይደርሳል። ወረቀቱ ስለመጣ ብቻ «ተፈቅዶልኛል ማለት ነው» ብላችሁ ዜጋ ነኝ እንዳትሉ! ከ1996 ሕግ ወዲህ ሳይሆኑ ዜጋ ነኝ ማለት ከሀገር ያስወጣል፣ ይቅርታውም በጣም ጠባብ ነው። ዝምም አትበሉ። ዜጋ አይደለሁም የሚለውን ሞልታችሁ፣ ፈርማችሁ፣ ኮፒ አስቀርታችሁ ላኩ። እዚህ ቴክሳስ ዜጋ አይደለሁም ብሎ የመለሰ ሰው ስም ለምርጫ መዝጋቢዎች ይተላለፋል። በስህተት መራጭ ሆናችሁ የተመዘገባችሁ ካላችሁ ቅጹን ከመላካችሁ በፊት የኢሚግሬሽን ጠበቃ አነጋግሩ።

የግሮሰሪ ባለቤት፣ ከዲሲ

እኔም አንድ ነገር ልጨምር። «ከሸሪፍ ቢሮ ነው፣ ጁሪ ቀርተሃል፣ አሁን ካልከፈልክ ትታሰራለህ» የሚል ስልክ ከመጣ ሌባ ነው። ፍርድ ቤት በስልክ ገንዘብ አይጠይቅም፣ ጊፍት ካርድማ ጭራሽ። ዝጉትና በፖስታ በመጣው ወረቀት ላይ ባለው ቁጥር ራሳችሁ ደውሉ። አንዲት እናት እየተንቀጠቀጡ ሱቄ መጥተው የ500 ዶላር ካርድ ሲጠይቁኝ ነው ያስቆምኳቸው።

የሕግ ተማሪ፣ አልበከርኪ ያደገች

ሁላችሁም የጠያቂውን እናት «ቀላል ነው» ብላችሁ አለፋችኋት። ለእኔ ግን ዋናው ጥያቄ እሳቸው ናቸው። መንግሥት በአማርኛ ጠይቆ ዜጋ አደረጋቸው። ግብር ይከፍላሉ፣ ይመርጣሉ። ጁሪ ላይ ሲደርስ ግን ቋንቋሽ አይበቃም ይባላሉ። ኒው ሜክሲኮ እንደዚያ አይደለም። ከ1912 ጀምሮ ያለው ሕገ መንግሥቷ እንግሊዝኛ ወይም ስፓኒሽ መናገር፣ ማንበብ ወይም መጻፍ አለመቻል የማንንም ዜጋ ጁሪ የመቀመጥ መብት አይነካም ይላል። አስተርጓሚ ይመደባል፣ ጁሪዎቹ ተመካክረው እስከሚወስኑበት ክፍል ድረስ አብሮ ይገባል፣ ሐሳብ ላይሰጥ ይምላል። የናቫሆ (ከአሜሪካ ነባር ሕዝቦች አንዱ) ሽማግሌዎች በቋንቋቸው የሚፈርዱት በዚህ ነው። ሜሪላንድ ለምን አይቻላትም?

ነርሷ፣ ከሮክቪል

እህቴ፣ ሐሳብሽን እወደዋለሁ፣ ግን እፈራዋለሁ። የሰው ሕይወት ነው። እኔ በሥራዬ በአስተርጓሚ የተነገረ ነገር ስንት ጊዜ እንደሚዛባ አይቻለሁ። ለተከሳሽ አስተርጓሚ ሳይገኝ ቀጠሮ ይራዘማል፣ ለጁሪ ከየት ይመጣል?

አስተርጓሚዋ፣ ከዋሽንግተን ዲሲ

እጥረቱ እውነት ነው። ቀኑን ሙሉ ለምክክር ለመተርጎም ቢያንስ ሁለት ሰው እየተፈራረቀ መሥራት አለበት። ግን እጥረት መብትን የሚከለክል ምክንያት ከሆነ መቼም አይሟላም። ልጆቻችንን እናሠልጥን። እኔ በኒው ሜክሲኮው በኩል ነኝ።

የኡበር ሹፌር፣ ከአሌክሳንድሪያ

እሺ፣ የውሸቱን ነገር አነሳሁ። ሳጥኑ ላይ ምልክት አላደርግም። ክፍያው ላይ ግን አንድ ስንዝር አልመለስም። ለአንድ ቀን እቀርባለሁ፣ ለሁለት ሳምንት ግን ለዳኛው ፊት ለፊት «አልችልም» እላለሁ። ደግሞ የክፍያውን ደብዳቤ የሚጽፍ ካለ የመጀመሪያው ፈራሚ እኔ ነኝ።

ጠያቂው፣ ከሲልቨር ስፕሪንግ

ዛሬ ጠዋት ወረቀቱ ላይ ባለው ቁጥር ደወልኩ። 20 ደቂቃ ጠበቅኩ። ያነሳችው ሴት ትሁት ናት። ሺፍቴን ነገርኳት፣ ቀኑን ወደ ሚቀጥለው ወር አዛወረችልኝ። ከዋዜማው ምሽት ደውል፣ የቡድን ቁጥርህ ካልተጠራ መምጣት የለብህም አለችኝ። ለአለቃዬም ነርሷ የነገረችኝን ጠቅሼ ጻፍኩለት።

የእናቴን ቅጽ አብረን ሞላን። እንግሊዝኛ አልችልም የሚለው ጋ ስንደርስ ጥያቄውን ተረጎምኩላት። ዝም አለች። 22 ዓመት የእድር ሰብሳቢ የነበረች፣ ስንት ባልና ሚስት ያስታረቀች ሴት ናት። ከዚያ እስክሪብቶውን አነሳችና «ቋንቋው ነው እንጂ መፍረድስ መች ያቅተኛል» ብላ ምልክቱን አደረገች።