ለመንግሥት ውል የደህንነት ምዘና ፎርም እየሞላን ነው፤ ጎንደር ውስጥ የሞላችሁ ካላችሁ እርዱን

የማራኪዋ (ጠያቂ)

ሰላም ለሁላችሁ። ፒያሳ አካባቢ አራት ሆነን ሶፍትዌር እንሠራለን። ለአንድ የመንግሥት ጤና ተቋም የካርድ ክፍል ሶፍትዌር ለመሥራት ጨረታ አሸነፍን። ውል ልንፈራረም ነው። የውል ማስከበሪያው ዋስትና ከባንክ ወጥቷል፣ ንግድ ፈቃዱም ታድሷል። የቀረን ከውሉ ሰነድ ጋር አብሮ የሚገባ የደህንነት ምዘና ፎርም ነው። 11 ገጽ፣ 52 ጥያቄ። በየጥያቄው "አዎ"፣ "በከፊል"፣ "አይ" የሚል ሳጥን አለ። ከጎኑ ደግሞ "ማስረጃ" የሚል ባዶ ቦታ አለ። እኔን ያስጨነቀኝ ይሄ ባዶ ቦታ ነው።

የመረጃ ደህንነት ፖሊሲ አላችሁ ወይ ይላል። በወረቀት የተጻፈ የለንም። አይሶ 27001 (ዓለም አቀፍ የመረጃ ደህንነት ደረጃ) ሰርተፍኬት አላችሁ ወይ ይላል። የለንም። ባክአፕ (የመረጃ መጠባበቂያ ቅጂ) እንይዛለን፣ ግን ማስረጃው ምን እንደሆነ አላውቅም። የሠራተኞች ዝርዝር ከወንጀል ነፃ ማስረጃ ጋር ይጠይቃል፤ ከአራታችን አንዱ ገና ተለማማጅ ነው። በዚያ ላይ የኢንሳ (የኢንፎርሜሽን መረብ ደህንነት አስተዳደር) ፍተሻ የሚል መስመር አለ። እኛ ነን የምንጠይቀው ወይስ ተቋሙ?

የማስገቢያው ቀን አርብ 11 ሰዓት ነው። ዛሬ ሰኞ ነው። ሦስት ሌሊት አልተኛሁም።

አራዳ ላይ

አትጨነቂ። እኔ እንዲህ ያለ ፎርም ሁለቴ ሞልቻለሁ። ሁሉንም "አዎ" ብለሽ አስገቢው። ማንም ቁጭ ብሎ 52 ጥያቄ አያነብም። ዋናው ማኅተሙና ፊርማው ነው። "አይ" ካልሽ ግን ፎርሙ ይመለሳል፣ ውሉም ይዘገያል።

የግዥ ሰው (ጡረተኛ)

ልጄ፣ ከላይ ያለውን ምክር አትቀበይ። ብዙ ዓመት የመንግሥት ግዥ ላይ ሠርቻለሁ። እርግጥ ነው፣ ፎርሙን የሚቀበልሽ ሰው ላያነበው ይችላል። የሚነበበው ነገር ሲበላሽ ነው። ይህ ፎርም ከውሉ ጋር ሲያያዝ የውሉ አካል ይሆናል። "አዎ" ያልሽው ሁሉ የገባሽው ቃል ነው። የታካሚ መረጃ አንድ ቀን ቢወጣ መጀመሪያ ከፋይል የሚወጣው የፈረምሽበት ገጽ ነው። ባክአፑን በየወሩ እንሞክራለን ብለሽ ሞክረሽ ካልተገኘሽ፣ ያኔ ጥያቄው የአቅም ሳይሆን የእምነት ይሆናል።

"አይ" ማለት ከጨረታ አያስወጣም። የጨረታ ሰነዱ "ግዴታ" ብሎ ያስቀመጠው ነገር ላይ ካልሆነ በስተቀር። ስለዚህ ዛሬ ማታ ሌላ ነገር ሳትነኪ የጨረታ ሰነዱን አውጪ። ከ52ቱ ጥያቄዎች ውስጥ ሰነዱ ላይ በግዴታነት የተጻፉት የትኞቹ እንደሆኑ በእርሳስ ምልክት አድርጊ። እኔ በሠራሁባቸው ጊዜያት ከጥቂቶቹ በላይ አይሆኑም ነበር። የቀሩት ሁኔታሽን ለማወቅ የተጠየቁ ናቸው።

ያልገባሽን በስልክ አትጠይቂ። በደብዳቤ ጠይቂ፣ በቁጥርና በቀን። የስልክ መልስ ሰውየው ሲቀየር አብሮት ይሄዳል። ደብዳቤው ግን ፋይል ውስጥ ይቀራል።

አራዳ ላይ

ጋሼ፣ በዚህ በኩል አላየሁትም ነበር። እኔ ያስገባሁት ለጽሕፈት መሣሪያ አቅርቦት ነበርና የታካሚ መረጃ የሚባል ነገር አልነበረበትም። ምክሬን አንስቻለሁ።

ባለ ሰርቨሩ፣ አዘዞ

የማራኪዋ፣ ስለ ባክአፑ ልንገርሽ። እኔን ያቃጠለኝ እሱ ነው።

እኛም "አዎ፣ በየቀኑ" ብለን ነበር። እውነትም ነበር። በየሌሊቱ ፋይሉ ይፈጠራል፣ መጠኑም ይታያል። ፎርሙ ላይ "መልሳችሁ ሞክራችኋል?" የሚል ጥያቄ ስላየሁ ብቻ አንድ ቅዳሜ ባዶ ላፕቶፕ ላይ መለስኩት። ዳታቤዙ በ40 ደቂቃ ገደማ መጣ። ስሙ አለ፣ ቀጠሮው አለ። አንዱን ካርድ ከፍቼ የላቦራቶሪ ውጤቱን ስካን ስነካው ግን ባዶ። ሌላውን ነካሁ፣ ባዶ። ስክሪፕቱ ዳታቤዙን ብቻ እንጂ ስካኖቹ የተቀመጡበትን ፎልደር አይወስድም ነበር። ስምንት ወር ሙሉ! ሰርቨሩ በመብራት መዋዠቅ ተቃጥሎ ቢሆን ኖሮ ምን እንል ነበር?

ስለዚህ ነገ አድርጊው። መልሺው፣ ሰዓት ያዢ፣ የተመለሱትን መዝገቦች ቁጥር ከዋናው ጋር አስተያዪ፣ ሦስት አራት ፋይል ክፈቺ። ይህንን በግማሽ ገጽ ጻፊው፤ ማን ሞከረው፣ መቼ፣ ምን ተገኘ። ተፈራረሙበት። "ማስረጃ" የሚለው ቦታ ላይ "አባሪ 4" ብለሽ እሱን አያይዢ። የጎደለ ነገር ካገኘሽም አትደብቂው፤ እንዴት እንዳስተካከልሽው ጨምሪበት። ገምጋሚው ከንጹሕ "አዎ" ይልቅ እሱን ያምናል።

የታወቀው ደንብ ሦስት ቅጂ፣ በሁለት ዓይነት ዕቃ ላይ፣ አንዱ ከግቢ ውጭ ይላል። ከግቢ ውጭ ያለው ዲስክ የታካሚ መረጃ የያዘ ስለሆነ ኢንክሪፕት መደረግ (ያለ ቁልፍ እንዳይነበብ መቆለፍ) አለበት። ሰው ቤት መሳቢያ ውስጥ ክፍቱን እንዳይቀመጥ።

ሌላው የሰርቨር ሰዓት ነው። የእኛ ሎግ (ሲስተሙ ላይ የተደረገው ሁሉ የሚጻፍበት መዝገብ) በዓለም አቀፉ ሰዓት ነበር የሚመዘግበው፤ ከእኛ በ3 ሰዓት ወደኋላ ይቀራል። ከሌሊቱ 8 ሰዓት የተደረገ ነገር ሎጉ ላይ የትናንት 23 ሰዓት ሆኖ ይታያል። ፎርሙ ሎግ ሲጠይቅሽ የትኛው ሰዓት እንደሆነ ከላይ ጻፊበት።

ኮድ ጸሐፊ

እኔ ደግሞ ስለ ፖሊሲው ልመልስልሽ። ከኢንተርኔት 40 ገጽ አውርደሽ ስም አትቀይሪ። አንድ ጓደኛዬ እንደዚያ አድርጎ ገምጋሚው "ገጽ 17 ላይ ያለው የጥበቃ ኃላፊ ማን ነው?" ብሎ ጠየቀው። አራት ሰው ባለበት ቤት የጥበቃ ኃላፊ የለም።

እውነት የምታደርጉትን በሁለት ገጽ ጻፉ። ፓስወርድ እንዴት ይያዛል? ሶርስ ኮዱ የት ነው፣ ማን ይገባበታል? ላፕቶፕ ቢሰረቅ ማን ለማን ይደውላል? ሠራተኛ ሲለቅ አካውንቱ በስንት ሰዓት ይዘጋል? ሥራ አስኪያጁ ይፈርም፣ ቀን ይኑረው። ዛሬ ከተጻፈ የዛሬን ቀን ጻፉበት። ወደኋላ አትመልሱት። ፋይሉ ራሱ መቼ እንደተፈጠረ ይናገራል።

27001 ላይ "አይ" በይ። ያ ሰርተፍኬት ከውጭ የሚመረምር አካል የሚሰጠው ነው፤ ለራስ የሚሰጥ አይደለም። የ2022ቱ እትም 93 የቁጥጥር ነጥቦች አሉት። ከነሱ ውስጥ በእርግጥ የምትሠሩባቸውን ዘርዝራችሁ ማያያዝ ትችላላችሁ። "ሰርተፍኬት የለንም፤ እነዚህን ግን እንተገብራለን" ማለት የሚያሳፍር አይደለም።

ኢንሳን በተመለከተ፣ እኔ ባየኋቸው ሥራዎች የፍተሻ ጥያቄው የሄደው ከሲስተሙ ባለቤት፣ ማለትም ከተቋሙ በደብዳቤ ነው። የእናንተ ድርሻ ዝግጅቱ ነው። የሲስተሙ አወቃቀር ሥዕል፣ መረጃው ከየት ወደ የት እንደሚፈስ የሚያሳይ ሥዕል፣ የዳታቤዙ ሠንጠረዦች ግንኙነት፣ የሚፈተሸው አድራሻ፣ ከውጭ የተገናኘ አገልግሎት ካለ እሱ፣ እና ለእያንዳንዱ የተጠቃሚ ዓይነት የሙከራ አካውንት። ለካርድ ጸሐፊ አንድ፣ ለነርስ አንድ፣ ለሐኪም አንድ፣ ለአድሚን አንድ። አድሚኑን ብቻ ሰጥተው ሳምንት የቆዩ አውቃለሁ።

ከመስጠትሽ በፊት አንድ ነገር ራስሽ ሞክሪ። በካርድ ጸሐፊ ግቢና አንድ ካርድ ክፈቺ። ከላይ አድራሻው ላይ ያለውን የካርድ ቁጥር በአንድ ጨምረሽ ተጫኚ። ማየት የሌለብሽ የሌላ ሰው ካርድ ከመጣ ፎርሙን አቁሚና እሱን አስተካክሉ። ኦዋስፕ የሚባለው የሶፍትዌር ደህንነት ድርጅት የ2021 የአደጋዎች ዝርዝሩ ላይ የመድረስ ፈቃድ ብልሽትን አንደኛ ላይ ያስቀመጠው በከንቱ አይደለም።

የካርድ ክፍል ሠራተኛ

እህቴ፣ እኔ በሌላኛው ወገን ነኝ፤ ካርድ ክፍል ውስጥ። ሶፍትዌር አልሠራም። ግን ስለ ስክሪንሹቱ ልለምንሽ።

አንድ ድርጅት እኛ ጋ ሲስተም ሲያስገባ ለፎርሙ ማስረጃ ብሎ የስክሪኑን ፎቶ አያያዘ። ፎቶው ላይ የእውነት ታካሚዎች ስም፣ ስልክና ምርመራ ነበር። ያ ወረቀት በአምስት ቢሮ ዞረ። ጎንደር ትንሽ ከተማ ናት፤ ሁሉም ሰው የሆነ ሰው ዘመድ ነው። አንዲት ሴት ምርመራዋን ከራሷ በፊት ጎረቤቷ ብታውቅ ምን ይሰማታል? አሁን የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 አለ። አዋጁ ባይኖርም ነውር ነው።

ስሙን ወርድ ላይ በጥቁር ሳጥን ሸፈንኩት ብለሽ አትመኚ። በሶፍት ኮፒ ከላክሽው ሳጥኑ በማውስ ተጎትቶ ይነሳል፣ ስሙ ከሥር አለ። "ታካሚ አንድ"፣ "ታካሚ ሁለት" የሚል የፈጠራ መረጃ አስገቢና እሱን ፎቶ አንሺው። ለኢንሳ የሚሰጠውም የሙከራ ሲስተም እንደዚሁ ይሁን።

የማራኪዋ

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ሁላችሁም። የካርድ ክፍሏ እህቴ፣ ደንግጬ ሄጄ አየሁት። እኛም ለሙከራ የእውነት መረጃ ነበር የጫንነው፣ ያውም ውጭ አገር በተከራየነው ሰርቨር ላይ። ዛሬ አጠፋነው። የአድራሻውን ቁጥር ሙከራም አደረግኩ። ነርስ ሆኜ ስገባ የአድሚን ገጽ ተከፈተልኝ። እየሠራንበት ነው።

"መረጃው የት ይቀመጣል?" የሚለውን ምን ልበል? ደግሞ የፖሊስ ማስረጃውስ?

ባለ ሰርቨሩ፣ አዘዞ

አገር ውስጥ ይሁን። ወይ ተቋሙ ግቢ ውስጥ ያለ ሰርቨር፣ ወይ አገር ውስጥ የሚከራይ፣ ለምሳሌ የኢትዮ ቴሌኮም ክላውድ። የትኛው እንደሆነ የሚወስነው ተቋሙ ነውና በደብዳቤ ጠይቁ። ፎርሙ ላይ አሁን ያለበትንና በውሉ ጊዜ የሚሆንበትን ለይተሽ ጻፊ። ያጠፋሽውንም ጻፊው፣ መቼ እንዳጠፋሽው ጭምር።

የግዥ ሰው (ጡረተኛ)

ለፖሊሱ ማስረጃ አሻራ ስለሚያስፈልግ ሁላችሁም በአካል ነው የምትሄዱት። ለአንድ ሰው ሥራ ሌላው ሊሄድ አይችልም። ስለዚህ ነገ ጠዋት ይሁን፣ ሐሙስ ላይ አይሁን። ተለማማጁ ወደ ሲስተሙ የሚገባ ከሆነ ዝርዝሩ ውስጥ ይግባ። የማይገባ ከሆነ አካውንቱ ይዘጋና ዝርዝሩ ሦስት ይሁን። ስም ያለው ሰው ማስረጃ ሳይኖረው፣ ወይም አካውንት ያለው ሰው ዝርዝር ላይ ሳይኖር አይገኝ።

የስም አጻጻፍ ተመልከቺ። ፋይዳው ላይ፣ የንግድ ፈቃዱ ላይ፣ ፎርሙ ላይ በእንግሊዝኛ የተጻፈው ፊደል በፊደል አንድ ይሁን። አንድ ኤች ስለጎደለች ብቻ ሰነድ ሲመለስ አይቻለሁ።

ቀኑም እንደዚሁ። ፎርሙ በእንግሊዝኛ ከሆነ የኛን 2018 ዓ.ም. እንደ ፈረንጅ የሚያነብ አይጠፋም። ጥር 5 ቀን 2018 የወጣን ወረቀት ስምንት ዓመት ገደማ ያለፈው ነው ብሎ የሚመልስ ይኖራል። ከጎኑ ጃንዋሪ 13፣ 2026 ብለሽ ጨምሪበት።

ፈራሚዋ አንቺ ከሆንሽ ውክልናሽ ይያያዝ። ሁሉም ገጽ ላይ ፊርማና ማኅተም ይረፍ፣ አባሪዎቹም ላይ ጭምር። አባሪዎቹን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ቁጥር ስጫቸው። አንድ ሙሉ ቅጂ ደግሞ ለራስሽ አስቀሪ፤ ገቢ ሲደረግ ማኅተም የተመታበትን።

የማራኪዋ

አርብ 9 ሰዓት ላይ አስገባሁ። ከ52ቱ 31 "አዎ"፣ 13 "በከፊል"፣ 8 "አይ" ሆነ። በከፊልና አይ ላይ እያንዳንዱ መቼ እንደሚጠናቀቅ ቀን ጻፍንበት፣ ልንፈጽመው የምንችለውን ብቻ። ባክአፑን መለስነው፤ የእኛ ስካኖቹንም ይዟል፣ ግን የመለሰው ልጅ ብቻ ነበር ፓስወርዱን የሚያውቀው። አሁን በታሸገ ፖስታ ካዝና ውስጥ አለ፣ ይህንንም አባሪው ላይ ጻፍነው።

የተቀበለኝ ሰው ገልበጥ ገልበጥ አድርጎ አባሪ 4 ላይ ቆመ። ቁጭ ብሎ አነበበው። ዛሬ ማክሰኞ ደውሎ ሁለት ጥያቄ ጠየቀኝ። አንዱ ስለ ተለማማጁ ነው፤ ከወር በኋላ ወደ ትምህርቱ ይመለሳል። "ሲሄድ እንዴት እናውቃለን?" አለኝ። ምን ብዬ ልጻፍለት?

ኮድ ጸሐፊ

የሠራተኛ ለውጥ ሲኖር በሦስት ቀን ውስጥ በደብዳቤ እናሳውቃለን በይ። ደብዳቤው ላይ አካውንቱ የተዘጋበትን ቀንና ሰዓት፣ የዘጋውንም ሰው ስም አስገቢ። ልጁ የሚያውቃቸው የጋራ ፓስወርዶች ካሉ በዚያው ቀን ይቀየሩ። ለካዝናው ፖስታም አዲስ ይግባበት።