ሻይ እንቁላል ሞክሬ ጨው በጨው ሆነብኝ፤ እባካችሁ እርዱኝ

ቤቲ፦
ሰላም ለሁላችሁ። የምማረው ቻይና፣ ናንጂንግ ከተማ ነው። እዚህ ጠዋት ጠዋት ሱቅ በር ላይ ድስት ውስጥ እየተንተከተከ የሚሸጥ ሻይ እንቁላል አለ። ሲላጥ ነጩ ላይ ቡናማ መስመር ተረትሮበት እብነ በረድ ይመስላል። ለፋሲካ ለሐበሻ ልጆች ልሠራላቸው ፈልጌ ትናንት 6 እንቁላል ሞከርኩ። ቀቀልኩት፣ ቅርፊቱን ሰነጠቅኩት፣ ከዚያ በአረንጓዴ ሻይና በአንድ ኩባያ ሶያ ሶስ አንድ ሰዓት አፈላሁት። እኔ ጾም ላይ ስለሆንኩ የዶርም ጓደኛዬ ቀመሰችልኝ። «ጨው ነው» አለችኝ። መስመሩ ደብዝዟል፣ አስኳሉም ዙሪያውን አረንጓዴ ሆኗል። ምን አጥፍቼ ነው?

ዮኒ፦
ቤቲዬ፣ አንዱ ጥፋት ሻዩ ነው። አረንጓዴው ቀለም የለውም፣ ሲፈላም ይመራል። እኛ ቤት የምንጠጣውን ዓይነት ግዢ። ግን ሱቅ ገብተሽ «ጥቁር ሻይ» እንዳትዪ፤ ቻይኖች በዚያ ስም የሚጠሩት ሌላ ሻይ ነው። «ሆንግ ቻ» በያቸው፣ ቀይ ሻይ ማለት ነው።

የጓንግዙዋ፦
የኔ እናት፣ ጨው የሆነው በሶሱ ነው። ሶያ ሶስ ሁለት ዓይነት ነው። ሼንግቾው ቀጭንና ጨዋማ ነው፤ ላኦቾው ወፍራምና ጠቆር ያለ፣ ለቀለም የሚገባ። አንቺ ሼንግቾውን ብቻ ነው የገለበጥሽበት። እኔ ለ6 እንቁላል እንዲህ አደርጋለሁ፦ 4 ኩባያ ውሃ፣ 3 የሾርባ ማንኪያ ሼንግቾው፣ 1 ማንኪያ ላኦቾው፣ 2 ማንኪያ ሻይ ቅጠል፣ ትንሽ ስኳር፣ አንድ እንጨት ቀረፋ፣ ባለኮከቡ ቅመም (ባጂያኦ) 2 ፍሬ።

መጀመሪያ እንቁላሉን 8 ደቂቃ ቀቅለሽ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ክተቺው። ከዚያ በማንኪያ ጀርባ እያዞርሽ ቀስ ብለሽ ምቺው። ቅርፊቱ ይሰንጠቅ እንጂ አይርገፍ። ከሥሩ ያለው ስስ ሽፋን ከተቀደደ መስመሩ ይጠፋና እዚያ ጋ ጥቁር ነጠብጣብ ብቻ ይቀራል። በቀስታ እሳት 10 ደቂቃ አብስለሽ አውርጂው። ሲበርድ ከነመረቁ ፍሪጅ አሳድሪው። ቀለሙም ጣዕሙም የሚገባው ሲዘፈዘፍ ነው፤ እሳቱ ብዙም አይጨምርለትም።

ሳሚ ታይፔ፦
አረንጓዴው አያስጨንቅሽ። እንቁላል ብዙ ሲበስል የነጩ ድኝና የአስኳሉ ብረት ሲገናኙ የሚመጣ ነው፣ ጉዳት የለውም። እዚህ ሱቅ ውስጥ ቀኑን ሙሉ ምድጃ ላይ ስለሚውል የሁሉም አስኳል ግራጫ ነው፤ እኔ እንዲያውም እንደዚያ ነው የምወደው። ብቻ የተሰነጠቀ እንቁላል ከፍሪጅ ውጭ እንዳታሳድሪ።

ቤቲ፦
ተባረኩልኝ! ባጂያኦ ባላገኝስ? ከቤት የመጣ ቅርንፉድ አለኝ።

የጓንግዙዋ፦
2 ፍሬ ብቻ ጣይበት፣ ከበዛ ሌላውን ይውጠዋል። ቅዳሜ ጠዋት ከዘፈዘፍሽው ለሌሊቱ ይደርሳል። ላጥተሽ እንዳታቀርቢ ደግሞ። ሁሉም የራሱን ይላጥ፣ መስመሩን በዓይኑ ይየው።