ከተወዳዳሪነት ወደ አሰልጣኝነት፦ ብራያን ኦርሰር

የፒያሳዋ እናት፦
እሑድ ጠዋት በመስቀል አደባባይ በሮለር ስኬት የምትንሸራተተው ልጄ፣ የበረዶ ላይ ስኬቲንግ ተወዳዳሪዎች ውድድር ሲያቆሙ ምን እንደሚሆኑ ትጠይቀኛለች። የምታውቁት ታሪክ ካለ በትሕትና እጠይቃለሁ።

ከአራት ኪሎ፦
እህቴ፣ የካናዳዊውን የብራያን ኦርሰርን ታሪክ ይንገሯት። እ.ኤ.አ. በ1984 ሳራዬቮ ላይ፣ ወደ ፊት ተነሥተው አየር ላይ ሦስት ተኩል ጊዜ የሚዞሩበትን ትሪፕል አክስል በኦሊምፒክ ለመጀመሪያ ጊዜ በትክክል የዘለለው እርሱ ነው። በ1987 የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። በኦሊምፒክ ግን ሁለት ጊዜ ብር ብቻ አገኘ፤ በ1988 በገዛ አገሩ በካልጋሪ፣ ከዘጠኙ ዳኞች አምስቱ አሜሪካዊውን ብራያን ቦይታኖን፣ አራቱ እርሱን መርጠው ነበር፤ ሳስበው ዛሬም ያሳዝነኛል።

ከካዛንቺስ፦
ያጣውን ወርቅ ተማሪዎቹ አገኙት። ቶሮንቶ ውስጥ ያሠለጠናት ደቡብ ኮሪያዊቷ ኪም ዩና በ2010 ቫንኩቨር ላይ በ228.56 ነጥብ፣ ጃፓናዊው ዩዙሩ ሃንዩ ደግሞ በ2014 እና በ2018 አሸንፈዋል። በነገራችን ላይ፣ አክስል በሮለር ስኬት የጥበብ ውድድርም ስላለ፣ ልጅዎ በረዶ ባይኖራትም ልትማረው ትችላለች፤ አስቀድማ ግን አወዳደቅን በደንብ ትለማመድ።