የእግዱ ሁለት ወር ሊያልቅ ነው፣ ኮሚቴው ግን አልጨረሰም
(የጥር 2016 ዓ.ም. ውይይት፤ አዋጅ 1064/2010ም ሆነ የደመወዝ ግብር ሠንጠረዡ በ2017 ተቀይረዋል)

ሰባታሚት (ጠያቂ)
ጤና ይስጥልን። የአንድ ፌዴራል መሥሪያ ቤት የባሕር ዳር ቅርንጫፍ የዲሲፕሊን ኮሚቴ ፀሐፊ ነኝ። የንብረት ክፍል ሠራተኛችን ከኅዳር 6 ቀን 2016 ዓ.ም. ጀምሮ ከሥራና ከደመወዝ ታግዷል። ክሱ በቆጠራ የተገኘ ጉድለት ነው፤ ለጎርጎራው ጀልባ የተገዛ የሞተር ዘይት። የእግድ ደብዳቤው «ጉዳዩ ተጣርቶ እስኪያልቅ» ይላል። ዛሬ ጥር 2 ነው፣ እኛ ገና ምስክር እየሰማን ነው። ኃላፊው እግዱ ይራዘም ብለዋል። ይቻላል ወይ? የተያዘው ደመወዝስ?

ዓባይ ማዶ
አይቻልም። በ2016 በሚሠራበት የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010 ሠራተኛን ከሥራና ከደመወዝ አግዶ ማቆየት የሚቻለው ከሁለት ወር ላልበለጠ ጊዜ ብቻ ነው። የኛ ወር ሠላሳ ስለሆነ ቆጠራው አያጣላም፦ ከኅዳር ወር ሃያ አምስት ቀናት፣ ታኅሣሥ ሙሉ፣ ከጥር ወር አምስት ቀናት፣ በድምሩ 60። ሰኞ ጥር 6 ሥራ ላይ መገኘት አለበት። ምስክር ቀረ፣ የኦዲት ሪፖርት ዘገየ፣ የገና በዓል መሃል ገባ ማለት ቀኑን አያስቆመውም። በዚያው ክስ ምክንያቱን ለውጦ ሁለተኛ የእግድ ደብዳቤ መጻፍም ያው ማራዘም ነው።

ደብዳቤያችሁ ከመነሻውም ችግር አለበት። እግድ በጽሑፍ ሆኖ ምክንያቱን፣ የሚቆይበትን ጊዜና የመሥሪያ ቤቱን የበላይ ኃላፊ ፊርማ መያዝ አለበት። «ተጣርቶ እስኪያልቅ» ጊዜ አይደለም። የሰው ሀብት ኃላፊ በ«ለ» (በበላይ ኃላፊው ምትክ) ፈርሞበት ከሆነ ደግሞ ሌላ ጣጣ ነው። ከሕግ ውጭ የታገደ ሠራተኛ በቀጥታ ለአስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ ማለት ስለሚችል ዋናውን ክስ ሳትጨርሱ ስለ እግዱ መልስ ስትጽፉ ትከርማላችሁ።

ሞዴል 22
እግድ ቅጣት አይደለም፤ ብዙ ቦታ ግን እንደ ቅጣት ነው የሚሠራበት። ምክንያቱ ማስረጃ ይደብቃል ወይም ያጠፋል የሚል ሥጋት ከሆነ፣ ሥጋቱ በመጀመሪያው ሳምንት ማለቅ ነበረበት። የሞዴል 19 (የዕቃ ገቢ)፣ 20 (የዕቃ መጠየቂያ) እና 22 (የዕቃ ወጪ) ጥራዞችን ሰብስቡ፤ ባላለቀው ጥራዝ ላይ የመጨረሻውን ተራ ቁጥር በቃለ ጉባኤ ያዙ። ቢን ካርዱን (ግምጃ ቤት ውስጥ የሚያዘውን የዕቃ መቆጣጠሪያ) ከስቶክ ካርዱ (በንብረት መዝገብ በኩል ከሚያዘው) ጋር አስተያዩ። ግምጃ ቤቱ ሠራተኛው ወይም ወኪሉ ባለበት ይቆጠር፣ ይታሸግ፣ ርክክቡ ይፈረም። እሱ በሌለበት የተቆጠረ ዕቃ ኋላ «እኔ ስወጣ ነበር» ለሚል ክርክር በር ይከፍታል።

ዘይትን በተመለከተ አንድ ነገር እዩ። በሞዴል 19 «1 በርሜል» ተብሎ ገብቶ በሞዴል 22 በሊትር እየወጣ ከሆነ፣ ቢን ካርዱ ላይ መለኪያው ተደባልቆ በወረቀት ብቻ የሚጎድል ዘይት አለ። ምስክር ከማብዛታችሁ በፊት ሁሉንም ወደ ሊትር ቀይሩትና ደምሩ። ከዚያ በኋላም ከጎደለ ክሱ ራሱን ችሎ ይቆማል።

ሰኞ ሲመለስ ቁልፉን አትስጡት፤ ለጊዜው ሌላ ጠረጴዛ ላይ ይመደብ። መመለሱ ክሱን አይዘጋውም።

ፔሮል
ስለ ደመወዙ፦ ውሳኔው ስንብት ካልሆነ በስተቀር የተያዘው ሁሉ ያለ ወለድ ይከፈላል። በገንዘብ ቢቀጣም ያው ነው፤ ቅጣቱ በራሱ ደብዳቤ ይፈጸማል። ከጥር 6 ጀምሮ ያለው ደግሞ ውሳኔ ሳይጠብቅ በመደበኛው ፔሮል (የደመወዝ መክፈያ ዝርዝር) ይገባል።

አከፋፈሉ ላይ ነው የሚሳሳቱት። ደመወዙ 7,000 ብር ነው እንበል፣ የ60 ቀኑ 14,000 ይሆናል። ይህን በአንድ ወር ፔሮል ስታስገቡት ሲስተሙ በ2016ቱ የግብር ሠንጠረዥ 35 በመቶ እርከን ውስጥ ይከተውና ግብሩ 3,400 ብር ይሆናል። ወደየወሩ መልሱት፦ ኅዳር 5,833.33፣ ታኅሣሥ 7,000፣ ጥር 1,166.67። በዚያው ሠንጠረዥ ለሙሉ 7,000 የወሩ ግብር 1,185 ብር ነው፤ በኅዳርና በጥር ቀድሞ የተቆረጠበትን ትቀንሱለታላችሁ። ጡረታ ከሠራተኛው 7 በመቶ (980 ብር)፣ ከመሥሪያ ቤቱ 11 በመቶ (1,540 ብር)። ይቺ 11 በመቶ ናት ሁልጊዜ የምትረሳው፤ ሰውየው ጡረታ ሊወጣ ፋይሉ ሲገለጥ የሁለት ወር ክፍተት ሆና ብቅ ትላለች።

ሰባታሚት
እግዜር ይስጥልን። ጉዳዩ ፖሊስ ጋም ተይዟል። የፍርድ ቤቱን እንጠብቅ? ይህስ ለክልል ቢሮ ሠራተኛም ይሠራል?

ዓባይ ማዶ
አትጠብቁ፤ የዲሲፕሊን ክስ የወንጀሉን ሳይጠብቅ በራሱ ይሄዳል። የክልል ቢሮና የከተማ አስተዳደር ሠራተኞች በክልሉ የራሱ አዋጅ ነው የሚተዳደሩት፤ የልማት ድርጅት ከሆነ ደግሞ የሚታየው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 ነው። የ1064ን አንቀጽ እዚያ ወስዳችሁ አትለጥፉ።

የመመለሻ ደብዳቤውን ነገ ዓርብ አውጡና እጁ ላይ አድርሱ፤ አልቀበልም ካለ ሁለት ምስክር ፈርመው ቃለ ጉባኤ ይያዝ። ግልባጭ ለፋይናንስ ብቻ ሳይሆን ለጥበቃም ይሂድ፤ በእግዱ ጊዜ ስሙ በር ላይ ተለጥፎ ከሆነ ሰኞ ጠዋት የሚመልሰው ጥበቃው ነው።